የጥበቃ ውል ስትፈርሙ «ፖስት» የሚለውን አንቀጽ ደግማችሁ አንብቡ

ደሴ ፒያሳ አካባቢ ሱቅ አለኝ። ከ2014ቱ ጦርነት በኋላ የመስመራችን ነጋዴዎች ተዋጥተን ከኤጀንሲ ጥበቃ ቀጠርን። ከዚያ በፊት የሚጠብቁን አንድ አባት ነበሩ። ዱላና ባትሪ ይዘው የከፈለውንም ያልከፈለውንም ሱቅ ጓጉንቸር እየሳቡ ያልፉ ነበር። አቅም ሲያንሳቸው ተዉት።

ሂደቱ ቀላል ነው። የኤጀንሲውን ፈቃድ ታያላችሁ፣ በዋጋ ትስማማላችሁ፣ ትፈርማላችሁ። ጉዱ ውሉ ውስጥ ነው።

«ጥበቃው ከተመደበበት ፖስት ለቅቆ አይሄድም» ይላል። ፖስት ማለት እንዲጠብቅ የተሰጠው ቦታ ነው። ሲያነቡት ምን ክፋት አለው? አንድ ሌሊት ከእኛ ሦስት በር አልፎ የአንዲት እናት ሱቅ ተሰበረ። መዋጮው ከብዷቸው አልገቡም ነበር። ጥበቃው ልጅ ሰምቷል፣ አይቷልም። ጠዋት ስጠይቀው «ጋሼ፣ ፖስቴ አይደለም፤ ለቅቄ ከተገኘሁ ደሞዜ ይቆረጣል» አለኝ። ፊሽካው አንገቱ ላይ ነው። መንፋት እንኳን ፈርቷል!

ኤጀንሲው ቢሮ ሄድኩ። ሱፐርቫይዘሩ ውሉን ገልጦ «እሳቸው ደንበኛችን አይደሉም» አለኝ። ዛሬም ድረስ ያንገበግበኛል። በእኛ ሰፈር «ሌባ!» ከተባለ ሰው ጋቢውን እንደለበሰ ነበር የሚወጣው። አሁን «ጥበቃ አለ» ብሎ ይተኛል፤ ጥበቃው ደግሞ የሚያየው የከፈለውን በር ብቻ ነው።

ያነጋገርኩት ኃላፊ «ፈቃድ ካለው ድርጅት ከተዋዋላችሁ ይበቃል» አለኝ። አይበቃም። ልጁ በእጁ ስንት እንደሚደርሰው ራሱን ጠይቁት፤ የእኛ ልጅ ከምንከፍለው ግማሹም አይደርሰውም ነበር። ሰዓቱንም ቁጠሩ። ከምሽቱ 12 እስከ ጠዋቱ 12 ሰዓት፣ ሰባቱንም ቀን፣ በሳምንት 84 ሰዓት ይሆናል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 መደበኛውን ሥራ በሳምንት ከ48 ሰዓት አያሳልፍም። ስለዚህ ለአንድ ሌሊት ፖስት ቢያንስ ሁለት ሰው ያስፈልጋል። አንድ ሰው ብቻ ልከው «ሽፍት አለው» ቢሏችሁ አትመኑ። እንቅልፍ ያልጠገበ ሰው ምን ይጠብቃል?

ተጨቃጭቀን ውሉን አስቀየርን። ፖስቱ አሁን ከጫፍ እስከ ጫፍ መንገዱ ነው፣ የከፈለ ያልከፈለ አይባልም። ልጆቹ ሁለት ሆነው ይፈራረቃሉ፣ ደሞዛቸውም ስንት እንደሆነ ውሉ ላይ ተጽፏል። ዋጋ ጨመሩብን፣ ከፈልን። አንዳንድ ነጋዴ «ለማይከፍል ሰው ለምን እንከፍላለን?» ብሎ አኩርፏል። ያኩርፍ። ውሉ ሲታደስ ያ አንቀጽ ተመልሶ ከመጣ እኔ አልፈርምም።